ንጉሡ የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው፦ ስለ ስፔን «ወርቃማ ዘመን» ቴአትር የተሰጠ ምላሽ

ሰሞኑን ስለ ስፔን «ወርቃማ ዘመን» ቴአትር የተጻፈ አንድ ጽሑፍ በቴሌግራም ሲዞር ከረመ። እኔም ዘንድ በተለያዩ ወዳጆች በኩል ደርሷል። ጸሐፊው ብዕራቸው ይጥማል፤ ደረቅ ሊሆን በሚችል ርዕስ ይህን ያህል አንባቢ ማግኘታቸውም ያስመሰግናቸዋል። መደምደሚያቸው ግን አልተዋጠልኝም።

ጽሑፉን ያላነበበ ሰው እንዲከተለኝ ሐሳባቸውን ባጭሩ ላስቀምጥ። በ16ኛውና በ17ኛው መቶ ዘመን የስፔን ቴአትር የዙፋኑና የቤተ ክርስቲያኑ አፈ ቀላጤ ነበር ይላሉ፤ ተውኔቶቹ ሁሉ የሚያልቁት ንጉሥ መጥቶ ነገሩን ሲያስተካክል ነውና። ኢንኩዊዚሲዮን የሚባለው የሃይማኖት ፍርድ ቤት ባለበት አገር ደግሞ «ዶን ኪሆቴ»ን ከጻፈው ከሰርቫንቴስ በቀር ደፍሮ የጻፈ ሰው የለም። ሎፔ ዴ ቬጋ ከሺህ በላይ ተውኔት የጻፈው ለገንዘብ ነው፤ በጥድፊያ የተጻፈ ደግሞ ጥበብ አይሆንም። ሴት በዚያ መድረክ ቦታ አልነበራትም፤ የሴት ገጸ ባሕርያትን እንደ እንግሊዝ ወንድ ልጆች ይጫወቱ ነበር፣ ታሪኮቹም ስለ ወንዶች ክብር ብቻ ናቸው። ባሮክ የሚባለው የዘመኑ የጥበብ ስልት ባዶነትን በጌጥ መሸፈን ነው፤ ገጣሚው ጎንጎራ ምስክር ይሁን። በመጨረሻም ዓለም ሼክስፒርን ይዞ እነ ካልዴሮንን የመሰሉ የስፔን ጸሐፌ ተውኔቶችን የረሳው በምክንያት ነው ይሉናል።

(በነገራችን ላይ የምላሽ ጽሑፍ ራሱ የዚያ ዘመን ሰዎች የሚወዱት ነገር ነበር። ሉዊስ ዴ ኡሬታ የተባለ የዶሚኒካን መነኩሴ እ.ኤ.አ. በ1610 ቫሌንሲያ ላይ ስለ ኢትዮጵያ ወፍራም መጽሐፍ አሳተመ። አገሩን በዓይኑ አላየም። በአፄ ሱስንዮስ ዘመን ጣና አካባቢ ይኖር የነበረው ስፔናዊው ኢየሱሳዊ ፔድሮ ፓኤዝ የኢትዮጵያን ታሪክ የጻፈው በዋናነት ለዚህ ሰው መልስ ለመስጠት ነው። የእኔ ምላሽ የፓኤዝን ያህል አይወፍርም። ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትም በዚያው በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከአፈ ቀላጤው ነገር እንጀምር። አፈ ቀላጤ ደመወዙን የሚያገኘው ከሚናገርለት ሰው ነው። የማድሪድ ቴአትር ገንዘቡን ከየት ያገኝ ነበር? በ1560ዎቹ የተቋቋሙ ሁለት የበጎ አድራጎት ማኅበራት ነበሩ፤ ሥራቸው ድሆችን ማብላትና ሐኪም ቤት ማስተዳደር ነው። ለዚህ የሚሆን ገንዘብ የሚያመጡት ከቴአትር ነበር። በ1579 «ላ ክሩስ»፣ በ1583 ደግሞ «ኤል ፕሪንሲፔ» የተባሉትን የቴአትር ግቢዎች ከፈቱ። ግቢ ስል የምር ግቢ ነው፤ በመኖሪያ ቤቶች መካከል ያለ፣ ጣራ የሌለው፣ ጫፉ ላይ መድረክ የተተከለበት። ትርኢቱ በቀን ብርሃን ነው። ከመግቢያው ከፊሉ ለተዋንያኑ፣ ከፊሉ ለሐኪም ቤቱ ይገባል። በዙሪያው ያሉት ቤቶች መስኮት ለባለጸጎች ይከራያል። ሴቶች ከኋላ ከፍ ብሎ በተሠራ የራሳቸው ሰገነት ይቀመጣሉ። በማርና በቅመም የተበረዘ ውሃ የሚሸጥ ሰው አለ። መሐል ግቢው ላይ ደግሞ ርካሹን ከፍለው ቆመው የሚያዩ ወንዶች አሉ፤ «ሞስኬቴሮስ» ይባላሉ። ተውኔቱ ካልጣማቸው እያፏጩና እየጮኹ ያስቆሙታል። የማድሪድ ደራሲ ሌሊት እንቅልፍ የሚያጣው ስለ ንጉሡ ሳይሆን ስለነዚህ ሰዎች ነበር።

ቤተ መንግሥቱና ቀሳውስቱስ ይህን ቴአትር እንዴት ያዩት ነበር? ብዙዎቹ ቀሳውስት ይጠሉት ነበር፤ ሁዋን ዴ ማሪያና የተባለው የታወቀ ኢየሱሳዊ በ1609 በጽሑፍ አውግዞታል። ንጉሥ ዳግማዊ ፊሊፔ በ1598 ቴአትር ቤቶቹን አዘጋ። በ1640ዎቹ እንደገና ለዓመታት ተዘግተዋል። እንዲከፈቱ የለመነው ማን ነው? የማድሪድ ከተማ አስተዳደርና ሐኪም ቤቶቹ! የራሱን አፈ ቀላጤ አፍ የሚዘጋ መንግሥት እኔ አላውቅም።

ወደ ተውኔቶቹ እንግባ። ንጉሡ መጨረሻ ላይ መምጣቱ እውነት ነው፤ አልክድም። ጥያቄው እሱ ከመምጣቱ በፊት ምን ሆኗል የሚለው ነው።

የሎፔን «ፉዌንቴ ኦቬሁና» እንውሰድ፤ በ1619 የታተመ ነው። መነሻው በ1476 በኮርዶባ አካባቢ የሆነ እውነተኛ ታሪክ ነው። የገጠር ሰዎች ሴቶቻቸውን የሚደፍረውን፣ ሰውን የሚገርፈውን የፈረሰኛ ማኅበር አዛዥ ገደሉት። ንጉሡና ንግሥቲቱ መርማሪ ዳኛ ላኩ። ዳኛው ሦስት መቶ ሰው አሠቃየ፤ ሽማግሌም፣ ሴትም፣ ሕፃንም። «አዛዡን ማን ገደለው?» ሲል ሁሉም የሚመልሱት የመንደራቸውን ስም ነው፦ «ፉዌንቴ ኦቬሁና።» ተራው ሜንጎ የተባለው አስቂኙ ወፍራም ሰው ላይ ይደርሳል። ይጮሃል፣ ይለምናል፣ «ቆይ፣ እናገራለሁ!» ይላል። ተመልካቹ አበቃ፣ ይሄ ሊያወጣው ነው ብሎ ይሳቀቃል። «ማን ገደለው?» «ጌታዬ፣ ፉዌንቴ ኦቬሁናዬ ነቻ!» ዳኛው ተስፋ ቆርጦ ይመለሳል። ንጉሡም ወንጀሉ ከባድ ቢሆንም በጽሑፍ ማረጋገጥ ስላልተቻለ የግድ ይማራል ይላል። «የግድ» የሚለው የራሱ የንጉሡ ቃል ነው። ይህ ነገሩን ያስተካከለ ንጉሥ ነው ወይስ ሌላ ምርጫ ያጣ?

የካልዴሮን «የሳላሜያ ከንቲባ» ደግሞ የባሰ ነው። ፔድሮ ክሬስፖ ባለጸጋ ገበሬ ነው። ቤቱ ያረፈ አንድ መኮንን ልጁን ጠልፎ ይደፍራታል። በዚያው ቀን ክሬስፖ የመንደሩ ከንቲባ ሆኖ ይመረጣል። መጀመሪያ የሹመት በትሩን ወደ ጎን አስቀምጦ መኮንኑ እግር ሥር ይንበረከካል፤ ሀብቴን በሙሉ ውሰድ፣ እኔንም ወንድ ልጄንም እንደ ባሪያ ሽጠን፣ ብቻ ሴት ልጄን አግባት ይለዋል። መኮንኑ ይስቅበታል፤ ደግሞም በአክብሮት አናግረኝ ይለዋል። ሽማግሌው ተነሥቶ በትሩን ያነሣል። በአክብሮት እሰሩት፣ በአክብሮት እግር ብረት አግቡለት፤ እርስዎም ጌታዬ፣ በቂ ማስረጃ ካገኘሁ በታላቅ አክብሮት እሰቅልዎታለሁ ይለዋል። ቃሉንም ይጠብቃል፤ ገበሬ ከንቲባ የንጉሥን መኮንን አንገቱን አሳንቆ ይገድላል። ንጉሡ ሲደርስ ሬሳ ነው የሚያየው። መኳንንት የሚቀጣው በሰይፍ ነው፣ ለምን አሳነቅኸው ብሎ ሲጠይቅ፣ ክሬስፖ የኛ አገር መኳንንት በጣም ጨዋ ስለሆኑ ሰቃያችን አንገት መቁረጥ አልተማረም ብሎ ይመልስለታል። ግቢው ውስጥ ቆሞ የሚያየው ሰው እዚህ ጋ ምን ያህል እንደሳቀ መገመት አያቅትም። ንጉሡም የዕድሜ ልክ ከንቲባ ብሎ ይሾመዋል።

ይህ አብዮት ነው አላልኩም። የፉዌንቴ ኦቬሁና ገበሬዎችም አዛዡን ሲገድሉ «ንጉሡ ይኑር!» እያሉ ነው። ካልዴሮን በቤተ መንግሥት ገንዘብ ብዙ ጽፏል፤ ለቅዱስ ቁርባን በዓል በሠረገላ ላይ የሚታዩት መንፈሳዊ ተውኔቶቹም የቤተ ክርስቲያን ትምህርት ናቸው። «ሕይወት ሕልም ናት» ውስጥ ልዑሉን ከእስር ያስፈታው ወታደር ሽልማት ሲጠይቅ ራሱ ይታሰራል፤ ይሄ ለጸሐፊው ጥሩ ማስረጃ ነበር፣ አልተጠቀሙበትም እንጂ። እኔ የምለው፣ ከሦስት ገቢር የመጨረሻዋን አምስት ደቂቃ ብቻ አይቶ መፍረድ አይቻልም ነው። ሳንሱሩም ሲያነብ ዓይኑ የሚያርፈው እዚያች መደምደሚያ ላይ ሳይሆን አይቀርም። ተመልካቹ ይዞት ወደ ቤቱ የሚሄደው ግን ሌላውን ነው።

ወደ ኢንኩዊዚሲዮን ስንመጣ ጸሐፊው በግማሽ ልክ ናቸው። አስፈሪ ተቋም ነበር፤ ሰው አቃጥሏል፣ መጽሐፍ ከልክሏል። ሎፔም ራሱ ከ1608 ጀምሮ የዚሁ ተቋም አባል ነበር፤ በአይሁዶች ላይ ጥላቻ የሚረጭ ተውኔትም ጽፏል። ይህን ማስተባበል አያስፈልግም። ግን ከዚህ ተነሥቶ «ማንም ምንም አላለም» ማለት ሌላ ነገር ነው።

ሰርቫንቴስ በ1615 ባሳተማቸው አጫጭር ተውኔቶች ውስጥ «ተአምረኛው መድረክ» የሚባል አለ። ሁለት አጭበርባሪዎች አንድ መንደር ይደርሱና ተአምር የሚያሳይ መድረክ ይዘናል ይላሉ። ትርኢቱን ማየት የሚችለው ግን ከአይሁድና ከሙስሊም ደም የጸዳና በሕጋዊ ጋብቻ የተወለደ ብቻ ነው። መድረኩ ላይ ምንም የለም። የመንደሩ ሹማምንት ግን በሬ መጣብን፣ አይጥ ወረረን፣ አንበሳ ነው እያሉ ይጯጯሃሉ። አገረ ገዢው ምንም እንደማይታየው በሆዱ ያውቃል፤ ለክብሩ ሲል ግን አያለሁ ይላል። አንዱ ወጣት ከማትታይ ሴት ጋር ይጨፍራል። በመሐል አንድ የጦር ሠራተኛ ለወታደሮች ማደሪያ ሊጠይቅ ገብቶ ምን እያያችሁ ነው ሲላቸው፣ «ይሄ ከእነዚያ ወገን ነው!» ብለው ይጮኹበታል። ስፔንን ከመቶ ዓመት በላይ ያስጨነቀው የ«ንጹሕ ደም» ጉዳይ በአንድ አጭር ቀልድ ራቁቱን ቀረ። ደግሞም በመንግሥት ፈቃድ ነው የታተመው። በሰርቫንቴስ ዘመን መድረክ ላይ አለመውጣቱን እቀበላለሁ፤ የመጽሐፉ ርዕስ ራሱ «ያልታዩ» ይላቸዋል።

«ይሄማ ሰርቫንቴስ ነው፣ እሱን ለብቻው አስቀምጫለሁ» ሊሉኝ ይችላሉ። እሺ፣ ሌላ ልጥቀስ። በ1554 የታተመውና ደራሲው የማይታወቀው «ላሳሪዮ ዴ ቶርሜስ» የተባለ ልብ ወለድ ስስታም ቄስና አጭበርባሪ የሥርየት ወረቀት ሻጭ ሞልቶበታል። በ1559 ታገደ። ሰው ማንበቡን ስላልተወ በ1573 አንዳንድ ቦታው ተቆርጦ ተፈቀደ። ሰርቫንቴስም ቢሆን ሙሉ በሙሉ አላመለጠም፤ በ1632 የወጣው የተከለከሉ ጽሑፎች ዝርዝር ከ«ዶን ኪሆቴ» ሁለተኛ ክፍል አንዲት ዓረፍተ ነገር እንድትወጣ አዟል። በቀዘቀዘ ልብ የተደረገ ምጽዋት ዋጋ የለውም የምትል ናት። ስለ ደም ንጽሕና የቀለደው አልፎ ስለ ምጽዋት ያለው ተያዘ። ሳንሱር እንዲህ ነው፤ ሁሉን አያይም።

ቲርሶ ዴ ሞሊናም አለ፤ እሱ ደግሞ መነኩሴ ነው። በ1625 አንድ የመንግሥት ሸንጎ ዓለማዊ ተውኔት እየጻፈ መጥፎ ምሳሌ ሆኗል፣ ከማድሪድ ይራቅ ብሎ ወሰነበት። በ1630 በእሱ ስም የታተመው «የሴቪያው አታላይ» (ደራሲው ሌላ ነው የሚሉ ሊቃውንት አሉ) የመጀመሪያውን ዶን ሁዋን የሰጠን ነው። ዶን ሁዋን ሴት አታልሎ ሲያመልጥ አገልጋዩ ይፈራል። እሱ ግን አባቴ የፍትሕ ጌታ ነው፣ የንጉሡም ባለሟል ነው፣ ምን ያስፈራሃል ይለዋል። ስለ አፈ ቀላጤ ስናወራ ይህችን አነጋገር ማስታወስ ጥሩ ነው። ባለሥልጣን ዘመዶቹ እየሸፋፈኑለት ሲያጠፋ ይኖራል፤ በስተመጨረሻ የሚቀጣውም ንጉሡ ሳይሆን የሞተ ሰው የድንጋይ ሐውልት ነው። ንጉሡ ቅጣቱን ሲያዝ ነገሩ አብቅቷል።

ስለ ሴቶች የተባለውን ሳነብ ግን በእውነት ተገርሜያለሁ፤ ምክንያቱም ይህ የአተያይ ልዩነት ሳይሆን የመረጃ ስሕተት ነው። በ1587 ሴቶች ማድሪድ ውስጥ መድረክ ላይ እንዲጫወቱ ተፈቀደ፤ ይባስ ብሎ ወንድ ልጅ ሴት መስሎ እንዳይጫወት ተከለከለ። በእንግሊዝ ተዋናይት በይፋ መድረክ ላይ የወጣችው በ1660 ነው። ሰባ ዓመት ያለፈው ልዩነት ነው። ያገቡ ይሁኑ፣ የወንድ ልብስ አይልበሱ የሚሉ ደንቦች ነበሩ። የመጨረሻውን ማንም አልሰማም፤ ሎፔ ራሱ የወንድ ልብስ የለበሰች ሴት ተመልካች ታስደስታለች ብሎ ጽፏል። የቲርሶ «አረንጓዴ ሱሪው ዶን ሂል» ጀግና የከዳትን ወንድ ወንድ መስላ ማድሪድ ድረስ የምትከተል፣ ሁሉንም የምታምስ ሴት ናት። ወይዘሮ አና ካሮ የተባለች የሴቪያ ጸሐፌ ተውኔት ደግሞ ይህንኑ ሐሳብ ወስዳ «ጀግንነት፣ በደልና ሴት» ብላ ጽፋለች። አዎ፣ ሴት ጸሐፌ ተውኔት ነበረች፤ ለሥራዋም ይከፈላት ነበር። ማሪያ ዴ ሳያስ በ1637 ባሳተመችው የአጫጭር ልብ ወለዶች መጽሐፍ መግቢያ ላይ ነፍስ ወንድም ሴትም አይደለችም፣ ታዲያ ወንዶች እኛ ጠቢብ መሆን አንችልም የሚሉት በምን ምክንያት ነው ትላለች። ሜክሲኮ ውስጥ ሶር ሁዋና የተባለችው መነኩሲት በ1680ዎቹ ተውኔት ስትጽፍ ነበር።

ደግሞ ወደ ፉዌንቴ ኦቬሁና ልመለስ፤ ለዚህ ያቆየሁት ትዕይንት አለ። የመንደሩ ወንዶች ተሰብስበው ምን እናድርግ እያሉ ይከራከራሉ። አንዱ እንታገሥ ይላል፣ ሌላው መንደሩን ጥለን እንሂድ ይላል። አዛዡ ከሠርጓ ላይ የነጠቃት ላውሬንሲያ ፀጉሯ ተበታትኖ፣ ቆስላ ትገባለች። አባቷን ልጄ ብለህ አትጥራኝ ትለዋለች። በጎች ናችሁ፣ ጥንቸሎች ናችሁ ትላቸዋለች። ሴቶቻችሁን ሌላ ወንድ ሲወስዳቸው ዝም ያላችሁ፣ ወገባችሁ ላይ ሰይፍ ሳይሆን የጥጥ መፍተያ እንዝርት ታጠቁ፤ ሰይፉን ለኛ ስጡን ትላቸዋለች። አመፁ የሚነሣው ከዚህ ንግግር በኋላ ነው፤ ሴቶቹም የራሳቸውን ጦር አቁመው ይዘምታሉ። ይህን ንግግር ሴት ተዋናይት ቆማ ስትናገረው፣ ከኋላ ባለው ሰገነት የተቀመጡት ሴቶች ይሰሙ ነበር። «ስለ ወንዶች ክብር ብቻ» የሚለው እዚህ ላይ እንዴት እንደሚቆም ጸሐፊው ቢያስረዱኝ ደስ ይለኛል።

አንድ ነገር ግን ልስጣቸው። የካልዴሮን «የክብሩ ሐኪም» ለማንበብ ይከብዳል። ባል በጥርጣሬ ብቻ ንጹሕ ሚስቱን በደም አፍሳሽ እጅ ያስገድላታል፤ ንጉሡም ሌላ ሴት እንዲያገባ ያዘዋል። ካልዴሮን ያን ሁሉ ደም ያሳየን እንድናጨበጭብ ነው ብዬ አላምንም። እንደዚያ ብሎ የሚያነብ ሰው ግን ያለ ምክንያት አይደለም።

የሎፔን ጥድፊያ በተመለከተ፣ ለገንዘብ መጻፉን አልደበቀም። በ1609 ባወጣው ስለ ተውኔት አጻጻፍ በሚናገር ግጥሙ፣ ስጽፍ የጥንቶቹን ሕግ በስድስት ቁልፍ እቆልፍበታለሁ፤ የሚከፍለው ሕዝቡ ስለሆነ የሚገባውን ቋንቋ መናገር ተገቢ ነው ብሏል። «ከሺህ በላይ» የሚለው ቁጥር የራሱና የወዳጆቹ ወሬ ነው፤ በእርግጠኝነት የእሱ ናቸው የሚባሉት ሦስት መቶ ገደማ ናቸው። ያም ቢሆን ብዙ ነው። አንድ ተውኔት ለጥቂት ቀናት ብቻ ስለሚታይ አዲስ ያስፈልግ ነበር፤ የእንጀራ ጉዳይ ነው። ግን በዚያው ግጥም ውስጥ ስንኝ እንዴት እንደሚመረጥ ይናገራል፦ ለብሶት አሥር መስመር ያለው አንቀጽ፣ ብቻውን ቆሞ ለሚጠብቅ ሰው ሶኔት (ባለ አሥራ አራት መስመር ግጥም)፣ ታሪክ ለሚተርክ ሮማንሴ (የስፔን የትረካ ግጥም)፣ ለከባድ ጉዳይ ባለ ሦስት መስመር፣ ለፍቅር ባለ አራት መስመር። ሦስት ሺህ ገደማ መስመር ባለው ተውኔት ውስጥ እንዲህ ስልት እየቀያየረ የሚጽፍ ሰው ዝርክርክ ነው ማለት ይከብዳል። በ1631፣ ሰባ ሊሞላው ሲል፣ በገዛ እጁ የጻፈው «ቅጣት ያለ በቀል» ዛሬ ቦስተን የሕዝብ ቤተ መጻሕፍት አለ፤ ስርዝ ድልዙ ለሥራው ይጨነቅ እንደነበር ያሳያል። ደካማ ተውኔት የለውም ወይ? ሞልቶታል።

ስለ ጎንጎራ አጭር ልበል። «ብቸኝነቶች» የተባለው ግጥሙ ከባድ ነው፤ በዘመኑም ሌላው ገጣሚ ኬቬዶ አላግጦበታል። ግን ይኸው ሰው እኔ ይሙቀኝ እንጂ ሰው ይሳቅ የሚል ሕፃንም የሚገባው ቀልደኛ ግጥም ጽፏል። ቀላል መጻፍ ስላቃተው አይደለም የከበደው። ቅኔ ሲዘረፍ ሰምቶ ወርቁን እስኪያገኝ የለፋ አማርኛ አንባቢ ደግሞ «አልገባኝም፣ ስለዚህ ባዶ ነው» ከማለቱ በፊት ትንሽ ማሰብ ያለበት ይመስለኛል።

«ዓለም ረሳቸው» የሚለው ቀረ። ሼክስፒር ትልቅ ነው፤ ከእሱ ጋር ማንንም አላታግልም። ግን ዶን ሁዋን ከስፔን መድረክ ወጥቶ በ1665 የፈረንሳዩ ጸሐፌ ተውኔት ሞሊየር ጋ፣ በ1787 የሙዚቃ ደራሲው ሞዛርት ጋ ደርሷል። የፈረንሳይ ቴአትር ኩራት የሆነው የኮርኔይ «ለ ሲድ» የተሠራው ከቫሌንሲያው ጊዬን ዴ ካስትሮ ተውኔት ነው። «ውሸታሙ» የተባለው ኮሜዲውም እንዲሁ ከስፔን የተወሰደ ነው። ኮርኔይ መጀመሪያ የሎፔ መስሎት ነበር፤ በኋላ ግን ሜክሲኮ ተወልዶ ማድሪድ የጻፈው የሁዋን ሩዊስ ዴ አላርኮን መሆኑን አወቀ። ስለዚያ ተውኔት ሲጽፍም፣ ሐሳቡ የራሴ ፈጠራ ቢሆን ኖሮ ከሥራዎቼ ምርጥ የሆኑትን ሁለቱን በምትኩ በሰጠሁ ብሏል።